የዕድገት ቅሬታችሁ «በሂደት ላይ ነው» ከተባለ፦ ወደ ፍርድ ቤት የሚወስደው መንገድ

የደረጃ ዕድገት ውድድር ገባችሁ። ውጤቱ ሲለጠፍ ስማችሁ የለም። ወይም አለ፣ ግን በአገልግሎትም በነጥብም ከእናንተ በታች የነበረ ሰው ቦታውን ይዞታል። ቅሬታ ጻፋችሁ፣ አስገባችሁ፣ ጠበቃችሁ። አንድ ወር አለፈ። ሦስት ወር አለፈ። ስትጠይቁ መልሱ ያው ነው፦ «በሂደት ላይ ነው»።

ይህን የምጽፈው ለዚህ ሰው ነው። ቅሬታው ውድቅ ለሆነበት ሳይሆን ጭራሽ መልስ ላጣው። ውድቅ የተደረገበት ሰው ቢያንስ በእጁ ወረቀት አለ፣ ያንን ይዞ ይግባኝ ይላል። መልስ ያላገኘው ግን «ገና አልተወሰነም እኮ፣ ምን ብዬ ልክሰስ?» እያለ ይቀመጣል። ብዙ ሰው የሚሸወደው እዚህ ላይ ነው። በብዙ አገር ሕግ የመሥሪያ ቤት ዝምታ ራሱ ያስከስሳል፣ የይርጋው ሰዓትም (ካለፈ ክስ የማይቀበሉበት የጊዜ ገደብ) እናንተ ሳታውቁት መቁጠር ይጀምራል።

ሕጉ ከአገር አገር ይለያያል። የተለያዩ አገሮችን ቁጥር የምጠቅሰው እንድትገለብጡት አይደለም፤ በራሳችሁ ሕግ ውስጥ ምን ዓይነት አንቀጽ መፈለግ እንዳለባችሁ እንዲገባችሁ ነው።

1. ቅሬታው በትክክል መግባቱን አረጋግጡ

ቀላል ይመስላል። አይደለም።

አንድ ጊዜ እኔ ራሴ የዕድገት ቅሬታዬን ለኃላፊው ጸሐፊ በእጄ ሰጥቼ ወጣሁ። ልጅቷ ጨዋ ናት፣ «እሺ፣ አስገባልሃለሁ» አለችኝ፣ አስገባችውም። ከአራት ወር በኋላ ግን «መቼ ነው ያቀረብከው?» ስባል የማሳየው ነገር አልነበረኝም። መዝገብ ቤት ቁጥር የለውም። ኃላፊው ተቀይሯል። አዲሱ ደግሞ «እንዲህ ያለ ቅሬታ አላየሁም» ይላል፣ እውነቱንም ነው። እንደ አዲስ ጻፍኩ። አራቱን ወር ውሃ በላው።

ከዚያ ወዲህ ሁለት ኮፒ ይዤ ቀጥታ መዝገብ ቤት ነው የምሄደው። አንዱን ይወስዳሉ፣ በእኔ ኮፒ ላይ ደግሞ አራት ነገር እንዲያርፍ እጠይቃለሁ፦ ማኅተም፣ ቀን፣ የገቢ ቁጥር፣ የተቀባዩ ስምና ፊርማ። የቀኑ ማኅተም ደብዝዞ ከሆነ በእስክሪብቶ እንዲጽፉበት አደርጋለሁ። ያቺ ደብዛዛ ማኅተም በኋላ ክርክር ታስነሳለች፤ ሰኔ 2 ይሁን ሰኔ 12 የማይለይ ወረቀት ይዞ ዳኛ ፊት መቆም ደስ አይልም። አንቀበልም ካሉ በአደራ ፖስታ ላኩ፣ የፖስታ ቤቱን ደረሰኝ አስቀምጡ። በኢሜይል የሚቀበል ቢሮ ከሆነም የላካችሁበትን ገጽ አትሙት።

የቅሬታው ይዘት አጭር ይሁን። የማስታወቂያው ቁጥርና ቀን፣ የተወዳደራችሁበት የሥራ መደብ፣ የትኛው የመመሪያ አንቀጽ እንደተጣሰ፣ ምን እንዲደረግላችሁ እንደምትፈልጉ፣ ውሳኔው በጽሑፍ እንዲሰጣችሁ መጠየቃችሁ፣ በቃ። የኃላፊውን ጸባይ የሚተነትኑ ሦስት ገጾች አውጡና ጣሉ። ያ ወረቀት ነገ የፍርድ ቤት ማስረጃ ነው።

2. ቀን ቁጠሩ

የጉዳዩ ነፍስ እዚህ ነው፣ ስለዚህ ትንሽ እንቆይበት።

ሁለት ቀኖችን ማወቅ አለባችሁ። አንደኛው፣ መሥሪያ ቤቱ ዝም ካለ በሕግ ፊት «እምቢ ብሏል» ወይም «የውስጥ አቤቱታው አልቋል» የሚባልበት ቀን ነው። ሁለተኛው ከዚያ በኋላ ክስ ማቅረብ የምትችሉበት የመጨረሻ ቀን ነው። በሁለቱ መካከል ያለው ጊዜ የእናንተ መስኮት ነው። ከመጀመሪያው በፊት ከሄዳችሁ «ገና ነው፣ የውስጡን ጨርሱ» ተብላችሁ ትመለሳላችሁ። ከሁለተኛው በኋላ ከሄዳችሁ ደግሞ በይርጋ ታግዷል ትባላላችሁ። እውነታችሁን ማንም ሳያየው ማለት ነው።

ፈረንሳይ ውስጥ የመንግሥት ሠራተኛ ለመሥሪያ ቤቱ ጥያቄ አቅርቦ 2 ወር ዝም ከተባለ ጥያቄው ውድቅ እንደሆነ ይቆጠራል። ከዚያ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ለመሄድ ሌላ 2 ወር አለው። እ.ኤ.አ. ከ2014 ጀምሮ እዚያ አገር ዝምታ በመርህ ደረጃ «ተፈቅዷል» ማለት ሆኗል፣ ግን በመንግሥትና በራሱ ሠራተኞች መካከል ያለው ጉዳይ ከዚህ ውጭ ነው። ለተራው ዜጋ ዝምታ እሺታ፣ ለሠራተኛው እምቢታ። እንግዲህ ፍረዱ።

ህንድ ውስጥ በ1985ቱ (እ.ኤ.አ.) የአስተዳደር ፍርድ ቤቶች ሕግ መሠረት ቅሬታ ቀርቦ 6 ወር ያለ ውሳኔ ካለፈ ሠራተኛው የውስጡን መንገድ እንደጨረሰ ይቆጠርለታል። ከዚያች ቀን ጀምሮ አንድ ዓመት አለው። ቅሬታውን ካስገባበት ቀን ሲደመር አንድ ዓመት ከስድስት ወር መሆኑ ነው። ብዙ ይመስላል፣ ግን «በሂደት ላይ ነው» እየተባለ አንድ ዓመት ተኩል እንዴት እንደሚያልቅ የመንግሥት ሠራተኛ የሆነ ሰው ያውቀዋል።

አሜሪካ ውስጥ ደግሞ የፌዴራል ሠራተኛ ዕድገት የተነፈግሁት በዘሬ፣ በጾታዬ ወይም በመሳሰለው ምክንያት ነው ካለ በ45 ቀን ውስጥ የመሥሪያ ቤቱን የእኩልነት አማካሪ ማነጋገር ይጠበቅበታል። መደበኛ አቤቱታውን ካስገባ በኋላ 180 ቀን አልፎ የመጨረሻ ውሳኔ ካልተሰጠው ቀጥታ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። እንግሊዝ ውስጥ የመንግሥት አካል ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲመረመር የሚጠይቅ ሰው ሳይዘገይ፣ ቢበዛ በ3 ወር ውስጥ ማቅረብ አለበት። 3 ወር ሙሉ መብት ነው ብሎ የሚተኛ ሰው በ3 ወሩ ውስጥም «ዘግይተሃል» ሊባል ይችላል።

ስለዚህ በራሳችሁ የሠራተኞች ሕግ፣ በቅሬታ አቀራረብ ደንቡና በአስተዳደር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ውስጥ ሁለት ነገር ፈልጉ። ኮሚቴው ወይም ኃላፊው በስንት ቀን መወሰን አለበት? ካልወሰነስ ምን ይሆናል? የሥራ ቀን ነው የሚለው ወይስ የቀን መቁጠሪያ ቀን፣ ያንንም አትለፉት። ከዚያ ሁለቱንም ቀኖች ስልካችሁ ላይ አስታዋሽ አድርጋችሁ ሙሉ፣ የመጨረሻውን ደግሞ ሁለት ሳምንት ቀደም አድርጉት።

3. አንድ ማስታወሻ ጻፉ፣ አንድ ብቻ

የመወሰኛው ጊዜ እንዳለፈ አጭር ደብዳቤ አስገቡ። በዚህ ቀን በዚህ ገቢ ቁጥር ቅሬታ አቅርቤ ነበር፣ በደንቡ አንቀጽ ይህን ያህል መሠረት መወሰኛው ጊዜ አልፏል፣ በ15 ቀን ውስጥ ካልተወሰነልኝ ሥልጣን ላለው ፍርድ ቤት አቀርባለሁ። ይኼው ነው። ፍርድ ቤት ዕድል ሰጥታችሁ እንደነበር ያያል፣ ቢሮውም አንዳንዴ ይነቃል።

ወጥመዱ ግን ማስታወሻ መደጋገም ነው። ብዙ ሰው በየሁለት ወሩ ደብዳቤ ሲያስገባ ሰዓቱ እንደ አዲስ የሚጀምርለት ይመስለዋል። አይጀምርም። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1989 በአንድ የመንግሥት ሠራተኛ ጉዳይ ላይ በሕጉ ያልተደነገገ ተደጋጋሚ አቤቱታ ይርጋን እንደማያራዝም በግልጽ ወስኗል። በብዙ ሌሎች አገሮችም አመለካከቱ ከዚህ አይርቅም። አሥር ማስታወሻ የያዘ ፋይል ለእናንተ የትዕግሥት ምስክር ነው፣ ለተቃራኒው ጠበቃ ግን ስታውቁ መዘግየታችሁን የሚያሳይ ማስረጃ።

4. የትኛው በር?

«ፍርድ ቤት» ስንል መደበኛውን ፍርድ ቤት ብቻ አይደለም። በብዙ አገር የመንግሥት ሠራተኛ ጉዳይ የራሱ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ወይም ትሪቡናል አለው፣ መደበኛው የሚመጣው በይግባኝ ነው። በኢትዮጵያም የፌዴራል ሠራተኞች የአስተዳደር ፍርድ ቤት አለ፤ ከእሱ ሌላ የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአስተዳደር ውሳኔዎች በፍርድ ቤት የሚከለሱበትን መንገድ ደንግጓል። የክልል ሠራተኛ ከሆናችሁ ደግሞ የምትታዩት በክልላችሁ የሠራተኞች ሕግ ነው።

የተሳሳተ በር ማንኳኳት ዋጋ ያስከፍላል። ደቡብ አፍሪካ ውስጥ አንድ የፖሊስ መኮንን ለጣቢያ አዛዥነት ተወዳድሮ፣ ለመጨረሻ ዕጩነት ቀርቦ፣ ሳይመረጥ ቀረ። የውስጥ ቅሬታ አቀረበ፣ ከዚያ ወደ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄዶ ውሳኔው በአስተዳደር ሕግ እንዲከለስ ጠየቀ። ጉዳዩ እስከ ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ደረሰ። እ.ኤ.አ. በ2009 የተሰጠው መልስ ይህ የሥራ ግንኙነት ጉዳይ ነው፣ መንገዱም የሠራተኛ ሕጉ ነው፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሥልጣን አልነበረውም የሚል ነበር። በሠራተኛ ሕጉ መንገድ ደግሞ የዕድገት በደል የሚቀርበው በ90 ቀን ውስጥ ነው። ሰውየው በዕድገቱ ላይ እውነት ይኑረው አይኑረው እዚያ ድረስ ተሂዶ አልተፈረደበትም።

ለጠበቃ አንድ ጊዜ ብቻ የምትከፍሉበት ገንዘብ ካላችሁ ለዚህ ጥያቄ ክፈሉት። የክስ ማመልከቻ ማጻፍ እንኳ ከዚህ በኋላ ይመጣል።

እንባ ጠባቂ ወይም መሰል ተቋም ካለ ጎን ለጎን ማመልከት ይቻላል፣ ወጪም የለውም። ውሳኔው ግን አብዛኛውን ጊዜ የመፍትሔ ሐሳብ ነው፣ ይርጋውንም ያቆምልኛል ብላችሁ አትቀመጡ።

5. ምን ትጠይቃላችሁ?

«ዕድገቱ ይሰጠኝ» ብላችሁ አትጀምሩ። ፍርድ ቤት በዳኛ ወንበር ላይ ተቀምጦ የዕድገት ኮሚቴ መሆን አይወድም። ለሠራተኛው የሚታወቅለት መብት ባብዛኛው በትክክል የመወዳደርና የመታየት መብት ነው፣ ቦታውን የማግኘት አይደለም። ስለዚህ ዳኛው በቀላሉ እጁን ሊዘረጋበት የሚችለውን ጠይቁ፦ ይወስኑ። በዚህ ቀን ውስጥ፣ በጽሑፍ፣ በምክንያት።

የዳኝነት ጥያቄው እንዲህ ሊጻፍ ይችላል፦

«ሀ. ተጠሪ መሥሪያ ቤት በ(ቀን) በገቢ ቁጥር (…) ያቀረብኩለትን የደረጃ ዕድገት ቅሬታ የዕድገት መመሪያውን ጠቅሶ፣ ምክንያቱን በጽሑፍ ዘርዝሮ፣ ትዕዛዙ ከደረሰው ቀን ጀምሮ በ30 ቀን ውስጥ እንዲወስን ይታዘዝልኝ። ለ. ቅሬታዬ ተቀባይነት ካገኘ ዕድገቱ ሌላው ተወዳዳሪ ካገኘበት ቀን ጀምሮ እንዲታሰብልኝና የደመወዝ ልዩነቱ እንዲከፈለኝ ይወሰንልኝ። ሐ. መዝገቡ እልባት እስኪያገኝ በመደቡ ላይ የሚሰጥ ማናቸውም ምደባ ለዚህ መዝገብ ውጤት ተገዢ እንዲሆን ይታዘዝልኝ።»

«በምክንያት» የምትለው ቃል እንዳትወድቅ። እሷ ከሌለች ከ30 ቀን በኋላ «ቅሬታዎ ተቀባይነት የለውም» የሚል አንድ መስመር ይደርሳችኋል፣ እሱም ትዕዛዙን መፈጸም ነው።

«ለ» ያለችውም አስፈላጊ ናት። ዕድገቱ ዘግይቶ ሲሰጥ «ከዛሬ ጀምሮ» ይባልና የአገልግሎት ቅደም ተከተላችሁ፣ የደመወዝ ልዩነቱ፣ በኋላም ጡረታችሁ ይጎዳል። መሥሪያ ቤቶች «በቦታው አልሠራህም፣ ስለዚህ አይከፈልህም» ማለት ይወዳሉ። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1991 ሠራተኛው ለመሥራት ዝግጁ ሆኖ ሳለ ራሱ መሥሪያ ቤቱ ከልክሎት ከነበረ ይህ መከራከሪያ እንዲሁ እንደማይሠራ ተናግሯል። የራሳችሁ ሕግ ምን እንደሚል ሳታዩ ይህን ጥያቄ አትተዉ፤ በክሱ ያልተጠየቀ ነገር በፍርዱ አይገኝም።

6. እግድ

ቦታው ለሌላ ሰው ሊሰጥ ነው ከተባለ የእግድ ማመልከቻ ከክሱ ጋር አያይዙ። ዳኛው የሚያየው ባጭሩ ይህን ነው፦ የሚያስኬድ ክርክር አለ ወይ? አሁን ካልታገደ በኋላ የማይካስ ጉዳት ይደርሳል ወይ? ማን ይበልጥ ይጎዳል? ገንዘብ ሊክሰው የሚችል ጉዳት ከሆነ እግድ ማግኘት ይከብዳል። አንድ መደብ ብቻ ካለና እናንተ ጡረታ ለመውጣት ጥቂት ወራት ከቀሯችሁ ግን ነገሩ ሌላ ነው፣ ያንን በቀን በቀኑ ጻፉት።

ሙሉ እግድ ካልተገኘ ለስለስ ያለውን ጠይቁ፣ ማለትም ምደባው ለመዝገቡ ውጤት ተገዢ ይሁን የሚለውን። ሥራ አያቆምም፣ ስለዚህ ዳኞች አይፈሩትም፤ በኋላ ግን «ሰውየው ቦታውን ለምዶታል፣ እንዴት እናስነሳዋለን» የሚለውን ክርክር ያስቀራል።

7. ማንን ትከሳላችሁ?

መሥሪያ ቤቱን እንጂ ኃላፊውን በግል አይደለም፣ በግል በደለኝ የምትሉት የተለየ ነገር ከሌለ በስተቀር። ዕድገቱን ያገኘው ባልደረባችሁ ግን መዝገቡ ውስጥ መግባት ሊኖርበት ይችላል። ያስጠላል፣ አውቃለሁ። ጠዋት ሻይ አብራችሁ የምትጠጡት ሰው ሊሆን ይችላል። የጠየቃችሁት ቅሬታዬ ይወሰንልኝ የሚለውን ብቻ ከሆነ ብዙውን ጊዜ አያስፈልግም፤ ዕድገቱ ይሰረዝ ካላችሁ ግን ሳይሰማ የሚወሰንበት ሰው ሊኖር ስለማይችል ካላስገባችሁት መዝገቡ ይበላሻል። መጥሪያው በድንገት ከሚደርሰው ቀድማችሁ ንገሩት።

8. ወረቀቶቹ

የውድድር ማስታወቂያ፣ የውጤት ዝርዝር፣ የዕድገት መመሪያው፣ የሥራ አፈጻጸም ምዘናችሁ፣ ማኅተም ያለበት ቅሬታ፣ ማስታወሻዋ። በሰሌዳ የተለጠፈውን ውጤት በዚያው ቀን ፎቶ አንሱት፣ የሰሌዳው ጠርዝና ቀኑ እንዲታይ አድርጋችሁ። በሳምንቱ ይነሳል። የኮሚቴው ቃለ ጉባኤ ከተከለከላችሁ ደግሞ የጠየቃችሁበትን ደብዳቤ አያይዙና ፍርድ ቤቱ እንዲያስቀርበው አመልክቱ። ከጓደኛ በድብቅ የተገለበጠ ሰነድ ግን አትያዙ። ጓደኛችሁንም ራሳችሁንም ለዲሲፕሊን ታጋልጣላችሁ።

ዲሲፕሊን ካልኩ አይቀር፣ «ክስ አለብህ» ተብላችሁ ዕድገታችሁ ተይዞ ከሆነ ክሱ በጽሑፍ ደርሷችሁ ነበር ወይ ብላችሁ ጠይቁ። ህንድ ውስጥ እንዲህ ያለ ሠራተኛ ውጤቱ በታሸገ ፖስታ ይቀመጥና የዲሲፕሊኑ ጉዳይ ሲያልቅ ይከፈታል። ፍርድ ቤቱ ግን ፖስታው የሚታሸገው የክስ ጽሑፍ ከተሰጠ በኋላ ነው ብሏል፣ ሊመረመር ነው የሚል ወሬ ብቻ አይበቃም።

9. ከሰሳችሁ፣ በማግስቱ መልስ መጣ

ይህ ሁልጊዜ የሚገርመኝ ነገር ነው። ስምንት ወር የጠፋ ኮሚቴ መጥሪያ ሲደርሰው በሦስት ቀን ተሰብስቦ ይወስናል። አብዛኛውን ጊዜም ውድቅ ነው።

መሥሪያ ቤቱ በመልሱ ላይ «ወስነናል፣ ክሱ ፍሬ የለውም፣ ይዘጋልን» ይላል። ይወስኑልኝ የሚለው ጥያቄያችሁ እውነትም ተመልሷል። ዝም ብላችሁ ብትቀመጡ መዝገቡ ይዘጋል፣ አዲሱን ውሳኔ ለመቃወም ደግሞ አዲስ ሰዓት መቁጠር ይጀምራል። ስለዚህ ውሳኔው በደረሳችሁ ሳምንት ክሳችሁን ለማሻሻል አመልክቱ፣ አሁን የምትጠይቁት ውሳኔው እንዲሻር ነው። ሥነ ሥርዓቱ ማሻሻል ካልፈቀደ በይግባኝ ጊዜው ውስጥ አዲስ ክስ አቅርቡ። የመዘግየቱን ወጪና ኪሳራም በዚያው ጠይቁ፤ ወደ ፍርድ ቤት ያስመጣችሁ የእነሱ ዝምታ ነው።

መልሱ በእናንተ በኩል ከሆነም ቀኑን እዩ። ዕድገቱ ከመቼ ጀምሮ ነው የሚለው? «ከዛሬ ጀምሮ» ካለ ጉዳዩ በግማሹ ነው ያለቀው።

10. ትዕዛዙ ከወጣ በኋላ

ትዕዛዙን በእጃችሁ ይዛችሁ ቀኑ ሲያልፍ ዝም አትበሉ። አፈጻጸም የሚጠየቅበት መንገድ አለ፣ በአንዳንድ አገር ደግሞ ፍርድ ቤትን በመድፈር ማስጠየቅ ይቻላል። ፈረንሳይ ውስጥ እ.ኤ.አ. ከ1995 ጀምሮ የአስተዳደር ፍርድ ቤት መሥሪያ ቤቱን «ይህን አድርግ» ብሎ ከማዘዝ አልፎ በዘገየበት ቀን ልክ ገንዘብ እንዲከፍል መወሰን ይችላል። በእናንተ ሕግ እንዲህ ያለ ነገር ካለ ከመጀመሪያው ክሱ ላይ ጻፉት።

የ30 ቀኑ ቆጠራ የሚጀምረው ደግሞ ትዕዛዙ ለመሥሪያ ቤቱ ከደረሰበት ቀን ነው። ፍርድ ቤቱ ይልከዋል ብላችሁ አትጠብቁ። በፍርድ ቤቱ ማኅተም የተረጋገጠ ግልባጭ አውጡ፣ ሁለት ኮፒ ይዛችሁ ያው መዝገብ ቤት ሂዱ፣ በእናንተ ኮፒ ላይ ማኅተም፣ ቀን፣ ገቢ ቁጥር፣ ስምና ፊርማ አስደርጉ። ማኅተሙ ከደበዘዘ በእስክሪብቶ ያጽፉበት።